የአራት ቅዳሜዎች የተውኔት ንባብ ከብሔራዊ ቴአትር ጀርባ

ከብሔራዊ ቴአትር በስተጀርባ ካሉት የውስጥ ለውስጥ መንገዶች በአንዱ ላይ ያገለገሉ መጻሕፍት የሚሸጡባት ጠባብ ቤት አለች። በደጃፏ የስም ሰሌዳ ስላልተሰቀለ ደንበኞቿ «ቆጥ ያላት መጽሐፍ ቤት» እያሉ በምልክት ይጠቋቆሟታል። ይህች ቤት ባለፈው ክረምት መደርደሪያዎቿን ወደ ግድግዳ አስጠግታ፣ 35 የሚሆኑ የፕላስቲክ ወንበሮች ደርድራ፣ ለአራት ተከታታይ ቅዳሜዎች ዘመን የተሻገሩ የመድረክ ተውኔቶችን ለታዳሚ በድምፅ አስነብባለች። የመግቢያ ዋጋው ለአንድ ቅዳሜ 200 ብር፣ አራቱን በአንድ ጊዜ ለሚከፍል ደግሞ 650 ብር ነበር፤ በዚህ ዋጋ ውስጥ አንድ ስኒ ቡናና የሚነበበው ተውኔት ፎቶ ኮፒ ይካተታል። እኔ አራቱንም ቅዳሜዎች ተከታትያለሁ። የሁለተኛው ዙር ምዝገባ አሁን ስለ ተጀመረ፣ ለመሄድ ለሚያስቡ ሰዎች ያየሁትንና የታዘብኩትን በዝርዝር መጻፍ ተገቢ ሆኖ አግኝቼዋለሁ።

የተውኔት ንባብ አዲስ ለሆነባቸው ሰዎች ጥቂት ማብራሪያ ያስፈልጋል። በንባብ ጊዜ አልባሳት፣ የመድረክ ቁሳቁስና የመብራት ቅንብር የለም። ስድስት አንባቢዎች ጽሑፉን በእጃቸው ይዘው በግማሽ ክብ ይቀመጣሉ፤ እያንዳንዳቸው አንድ ወይም ሁለት ገጸ ባሕርይ ይይዛሉ፤ አወያዩ ደግሞ በድርሰቱ ውስጥ የሰፈሩትን የመድረክ መግለጫዎች ያነብባል። በ1948 ዓ.ም. በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ስም ተመርቆ በተከፈተው በጎረቤቱ ትልቅ አዳራሽ የለመድነው መጋረጃና ሙዚቃ እዚህ አይጠበቅም። ሆኖም አንድ ጸሐፌ ተውኔት እውነት የሚመስለውን ነገር እንዴት አድርጎ እንደሚገነባ፣ ሊሆን የማይችለውንም እንዴት አድርጎ እንደሚያሳምን ለመመርመር ከዚህ የተሻለ መንገድ አላውቅም፤ ዓይንን የሚያባብለው ሁሉ ተነሥቶ ቃሉ ብቻውን ይቀራልና።

የዙሩ ርእስ «እውነታና ምናብ» የሚል ነበር። በበሩ ላይ በተለጠፈው ወረቀት ተውኔቶቹ በሁለት ዐምድ ተከፍለዋል። የሄንሪክ ኢብሰን «የአሻንጉሊት ቤት» በእውነታው ዐምድ፣ የዩሪፒደስ «ሜዲያ» እና የሼክስፒር «ማክቤዝ» በምናቡ ዐምድ ሰፍረዋል፤ አራተኛው ቅዳሜ ለአገር ቤት ሥራዎች የተተወ ነበር። ክፍፍሉ ለማስታወቂያ ይመቻል። ንባቡ እየገፋ ሲሄድ ግን ተውኔቶቹ ራሳቸው ያንን መስመር እያፈረሱት ሄዱ፤ በእኔ ግምት ዝግጅቱ ያማረው አዘጋጆቹ መስመሩ ሲፈርስ ዝም ብለው በተመለከቱበት ጊዜ ሲሆን፣ የተበላሸውም መልሰው ሊያሰምሩት በሞከሩበት ጊዜ ነው።

የመጀመሪያው ቅዳሜ በሁሉም ረገድ የተሳካ ነበር። ንባቡ በተባለው ሰዓት፣ ልክ በ9 ሰዓት ተጀመረ፤ ይህ በከተማችን ትንሽ ነገር ስላልሆነ ምስጋና ይገባዋል። እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 1879 በኮፐንሃገን ለመጀመሪያ ጊዜ ለመድረክ የበቃው «የአሻንጉሊት ቤት» ኃይሉን የሚያገኘው ከዝርዝሮች ነው፤ አንባቢዎቹም ይህን በሚገባ ተረድተውት ነበር። ኖራ ለባሏ መታከሚያ በምስጢር የተበደረችው 4800 ክሮነር፣ ቁልፉ በባሏ እጅ ብቻ ያለው የደብዳቤ ሣጥን፣ ተደብቃ የምትበላው ጣፋጭ፣ ይህ ሁሉ ያለ አጉል ጩኸት፣ ሰው በቤቱ እንደሚነጋገረው ተነበበ። አባቷ የሞተው በሴፕቴምበር 29 ሆኖ ሳለ በዋስትናው ሰነድ ላይ የሰፈረው ፊርማው ኦክቶበር 2 የሚል ቀን እንደ ተጻፈበት አበዳሪው ሲገልጥ፣ አንባቢው ቀኖቹን ቀስ ብሎ፣ አንድ በአንድ፣ እንደ ሒሳብ ሠራተኛ ተናገራቸው። የሦስት ቀን ልዩነት አንድን ትዳር ሊያፈርስ እንደሚችል በዚያች ጠባብ ቤት ውስጥ ያልተረዳ ሰው አልነበረም፤ ለዘመድ ዋስ ሆኖ የፈረመ፣ የዕቁብ ዕጣ ወስዶ መክፈል ያቃተው፣ ወይም ይህ በቅርብ ሰው ሲደርስ ያየ ሁሉ ይህን ፍርሃት ያውቀዋል።

በመጨረሻ ኖራን ያነበበችው ወጣት ወረቀቷን ወንበሯ ላይ አስቀምጣ ተነሣች፤ በታዳሚው መካከል አልፋ ወጣች፤ የመጽሐፍ ቤቷንም የብረት በር ከውጭ ዘጋችው። በአውሮፓ ስለዚያ የበር ድምፅ ብዙ ተጽፏል። እኛ የሰማነው ግን የአንድ ሱቅ በር፣ ሁልጊዜ ማታ ማታ በየመንደራችን የምንሰማው ድምፅ ነበር፤ ስለዚህም አስደነገጠን።

ውይይቱ ሲከፈት መጀመሪያ የተናገሩት ጡረታ የወጡ መምህር ናቸው፤ ሁላችንም ጋሼ እያልን እንጠራቸዋለን። «ልጆቼ፣ አነባበባችሁ ደስ ይላል፤ እግዚአብሔር ይስጣችሁ» አሉ። «ነገር ግን ሦስት ልጆቿን ትታ በሌሊት የምትወጣ እናት እኔ አላውቅም። ይቺ ሴት በዓለም ላይ የለችም፤ ደራሲው ከምናቡ ያወጣት ናት።» አወያዩ ተውኔቱ የእውነታዊ ድራማ መሠረት መሆኑን በአክብሮት አስረዳቸው፤ ጋሼ ግን አልተቀበሉትም። እኔ በዚያ ሰዓት አወያዩ አንድ ታሪክ ቢነግራቸው ኖሮ ብዬ ተመኘሁ። ተውኔቱ በጀርመን ሊታይ ሲዘጋጅ ኖራን የምትጫወተው ተዋናይት ልጆቼን ትቼ አልሄድም ብላ እምቢ አለች፤ ኢብሰንም ሌላ ሰው ድርሰቱን ከሚያበላሽበት ራሱ ኖራ የማትሄድበትን መደምደሚያ ለመጻፍ ተገደደ። ይህንኑ መደምደሚያ በኋላ በድርሰቱ ላይ የተፈጸመ ግፍ አድርጎ ነው የቆጠረው። ስለዚህ የጋሼ ተቃውሞ የአዲስ አበባ ሽማግሌ ወግ አጥባቂነት ብቻ ተደርጎ ሊታለፍ አይገባም፤ ተውኔቱ በተወለደበት ዘመንና በተወለደበት አህጉርም «ይህ ሊሆን አይችልም» ተብሏል።

በሁለተኛው ቅዳሜ «ሜዲያ» ተነበበ። ትርጉሙን አንባቢዎቹ ራሳቸው ለዚሁ ዝግጅት አሰናድተውታል፤ የባልና የሚስቱ ክርክር በሚገባ ሲፈስስ፣ የመዘምራኑ ክፍል ግን ከብዷል፤ ግሱ በየመስመሩ መጨረሻ እየተንጠለጠለ የሚነበበው ማን ስለ ማን እንደ ሆነ ይጠፋ ነበር። ያም ሆኖ ነገሩ ያዘን። በባዕድ አገር፣ ያለ ዘመድና ያለ ወገን፣ ባሏ የንጉሥ ልጅ ሊያገባ የተዋት ሴት ምን ዓይነት ሰው ናት? ባሏስ ይህን ያደረግሁት ለአንቺና ለልጆቻችን ጥቅም ነው ብሎ ሲሟገታት ምን ዓይነት ድምፅ ይኖረዋል? አንባቢው ያንን ክርክር በቁጣ አላነበበውም፤ በቀዝቃዛ ትሕትና፣ ሽማግሌ ፊት እንደ ተቀመጠ ባለጉዳይ አነበበው። ከኋላዬ የተቀመጠች ሴት በረዥሙ ስትተነፍስ ሰማኋት።

የዩሪፒደስ ተውኔት ከክርስቶስ ልደት በፊት በ431 ዓመት በአቴና ውድድር ላይ ቀርቦ ከሦስቱ ተወዳዳሪዎች የመጨረሻውን ቦታ ነው ያገኘው። ሜዲያ ልጆቿን ከገደለች በኋላ አያቷ የሆነው የፀሐይ አምላክ በላከላት ሠረገላ ወደ ሰማይ ትወጣለች። በጥንቱ መድረክ ይህ የሚደረገው ተዋናዩን ወደ ላይ በሚያነሣ የእንጨት ማንሻ ነበር። አሪስጣጣሊስ ስለ ግጥም ጥበብ በጻፈው መጽሐፉ ይህንን መጨረሻ ነቅፎታል፤ የታሪኩ መፍቻ ከታሪኩ ከራሱ መውጣት አለበት እንጂ በማንሻ ከላይ መምጣት የለበትም የሚል ነበር ክርክሩ። መጽሐፍ ቤቷ ማንሻ የላትም፤ ቆጥ ግን አላት። ሜዲያን ያነበበችው ልጅ የመጨረሻው ትዕይንት ሲደርስ መጻሕፍት ለማውረድ የሚያገለግለውን መሰላል ወጥታ ቆጡ ላይ ቆመችና ከዚያ ሆና ቁልቁል አነበበች። ባሏን የሚያነበው ልጅ አንገቱን አቅንቶ ይለምናታል፤ የልጆቹን ሬሳ እንኳ እንዲነካ አልፈቀደችለትም። በዚያች ደቂቃ አሪስጣጣሊስ ስሕተት እንደ ነበረበት አመንኩ። ሠረገላው ታሪኩን ለመፍታት አልመጣም። ማንም እንደማይደርስባት፣ ማንም እንደማይቀጣት፣ ባሏም ከዚህ በኋላ ምድር ላይ ብቻውን እንደሚቀር የሚያሳየን ሌላ ምስል ሊኖር ስለማይችል መጣ። አራቱን ቅዳሜዎች በአንድ ላይ ብመዝናቸው ምርጡ ውሳኔ ይህ መሰላል ነው።

ከሁሉ በላይ ያስገረሙኝ ግን ጋሼ ናቸው። ባለፈው ሳምንት ልጆቿን ትታ የወጣችውን እናት «የለችም» ያሉት ሰው፣ ልጆቿን ገድላ በሰማይ ሠረገላ ስለ በረረችው እናት ሲጠየቁ «ይኸስ እውነት ነው» አሉ። «የተገፋ ሰው ቂም የት ድረስ እንደሚሄድ በዕድሜዬ አይቻለሁ።» ሠረገላውን አንድም ጊዜ አላነሡትም።

ይህ ነገር ሳምንቱን ሙሉ ሲያመላልሰኝ ከረመ። በበሩ ላይ የተለጠፈው ወረቀት እንደሚለው ቢሆን ኖሮ መጠርጠር የነበረባቸው ሠረገላውን ነው። ይሁንና አድማጭ የሚመዝነው ነገሩ ከአዳራሹ ውጭ ሊሆን ይችላል ወይስ አይችልም በሚል ሚዛን ብቻ አይደለም። የሰውየው ቃል ከሥራው ጋር፣ የዛሬው ሥራው ከትናንቱ ቂሙ ጋር መግጠሙን ነው የሚያጣራው። አሪስጣጣሊስም በዚያው መጽሐፍ ሊሆን የማይችል ግን የሚታመን ነገር፣ ሊሆን ከሚችል ግን ከማይታመን ነገር ይመረጣል ብሏል። ዩሪፒደስ ከሺህ በላይ በሆኑ መስመሮች የተጣሉ ባልና ሚስት እንደሚነጋገሩት አነጋግሮን፣ ሠረገላው ሲመጣ እንድናምነው አስቀድሞ ከፍሎበታል። የኢብሰን ኖራ ግን ያለ ሠረገላ፣ በገዛ እግሯ፣ በአንድ ሌሊት ውሳኔ ነው የምትሄደው፤ እርሷን ማመን ለብዙ ሰው የከበደውም በዚህ ይመስለኛል። ኢብሰን ራሱ ከዚያ 12 ዓመት ቀደም ብሎ፣ እ.ኤ.አ. በ1867፣ የተራራ ጭራቆች የሚርመሰመሱበትን «ፔር ጊንት» የጻፈ ሰው መሆኑን ሳስብ ደግሞ፣ ምናብ የድራማ የልጅነት ዘመን፣ እውነታ የጉልምስናው ዘመን ነው የሚለው የአወያዩ አባባል ይበልጥ የማይጸና ሆኖ አገኘሁት።

ወደ ሦስተኛው ቅዳሜ እንምጣ። «ማክቤዝ» የተነበበው በጸጋዬ ገብረ መድኅን ትርጉም ነው፤ ጸጋዬ ከዚህ ሌላ «ኦቴሎ»ን፣ «ሐምሌት»ንና «ንጉሥ ሊር»ንም ወደ አማርኛ የመለሰ ባለቅኔ ነው። ቃሉ ከባድ፣ ድምፀቱ ግን ጠንካራ በመሆኑ አንባቢዎቹ ካለፉት ሁለት ሳምንታት ይልቅ ተዘጋጅተው መጥተዋል። የንግሥቲቱ አንባቢ በተለይ፣ በእንቅልፍ ልብ እየተራመደች እጇን የምታሽበትን ትዕይንት ያለ ምንም እንቅስቃሴ፣ በድምፅ ብቻ፣ እጆቿን ጭኗ ላይ አድርጋ ያነበበችበት መንገድ የሚረሳ አይደለም። ዝግጅቱ የተሰናከለው በግብሩ ትዕይንት ላይ ነው፤ እኔም በዚህ ላይ ሰፋ አድርጌ መጻፍ የምፈልገው አዘጋጆቹ ለሁለተኛው ዙር ሊያስተካክሉት ስለሚችሉ ነው።

ትዕይንቱ የሚጀምረው በሥርዓት ነው። ማክቤዝ ንጉሡን ገድሎ ከነገሠ በኋላ ለመኳንንቱ ግብር ያገባል፤ ሁሉም ማዕረጉን ስለሚያውቅ በየደረጃው እንዲቀመጥ ይጋብዛል። ይህን ለአማርኛ ተናጋሪ ማስረዳት አያስፈልግም፤ በግብር አዳራሽ ማን ከማን በላይ እንደሚቀመጥ፣ ማን የትኛው ገበታ እንደሚደርሰው ከአያቶቻችን አፍ ሰምተን ያደግን ሰዎች ነን። ግብሩ እንደ ተጀመረ አንድ ፊቱ ላይ ደም ያለበት ሰው ከበሩ ብቅ ይልና ንጉሡ ያስገደለው ጓደኛው ባንኮ ራሱ ላይ 20 ቦታ ተፈንክቶ ጉድጓድ ውስጥ መጋደሙን ይነግረዋል። ማክቤዝ ተመልሶ ሊቀመጥ ሲል ገበታው ሞልቶበታል። መኳንንቱ የተጠበቀለትን ቦታ ያሳዩታል፤ እርሱ የት እንደ ሆነ ይጠይቃል፤ እዚህ ይሉታል። እነርሱ ባዶ ወንበር ያያሉ፤ እርሱ ሟቹን ያያል። ትዕይንቱ ሲዘጋ ንግሥቲቱ እንግዶቹን በየማዕረጋቸው ለመውጣት ሳይጠባበቁ ባንድ ጊዜ እንዲሄዱ ታዝዛቸዋለች፤ በሥርዓት የተከፈተው ግብር በግርግር ይበተናል። ሼክስፒር ሙት መንፈሱን ያመጣው በጭጋግ ውስጥ ወይም በመቃብር ላይ አይደለም፤ የቦታ ነገር እጅግ በሚከበርበት በእራት ገበታ መካከል፣ ለንጉሡ በተያዘች ወንበር ላይ ነው ያስቀመጠው። የአቀማመጡ ሥርዓት በደንብ ካልተነበበ መንፈሱ አያስፈራም፤ መንፈሱ ካልተቀመጠም ሥርዓቱ ለምን እንደ ፈረሰ አይገባም።

የእኛ አዘጋጆች ምን አደረጉ? ባንኮን ያነበበው ልጅ ገጸ ባሕርይው ሲሞት ተነሥቶ ወደ ኋላ ሄዶ ነበር። የግብሩ ትዕይንት ሲደርስ አወያዩ ንባቡን አቋረጠና የልጁን ወንበር አንሥቶ ወደ ጎን አደረገው፤ ቀጥሎም መንፈሱ የማክቤዝ ጸጸት ምሳሌ መሆኑን፣ ዘመናዊ ታዳሚ እንደዚያ አድርጎ ሊረዳው እንደሚገባ ማብራራት ጀመረ። መንፈሱ ሰም ነው፣ ወርቁ ሕሊና ነው አለን። ማብራሪያው ሲያልቅ ማክቤዝን የሚያነበው ልጅ ምንም ወደሌለበት ወለል እያየ መጮኽ ነበረበት፤ ድካሙ ያሳዝን ነበር። ታዳሚውም ተፈታ፤ አንዳንዱ ስልኩን ማየት ጀመረ።

የሰምና ወርቅ ነገር ለጆሮ የሚጥም ቢሆንም እዚህ ቦታው አይደለም። በቅኔ ሰሙ ሲቀልጥ ወርቁ ይቀራል፤ ወርቁን ያገኘ ሰው ወደ ሰሙ ሳይመለስ ሊሄድ ይችላል። የባንኮን መንፈስ ግን ካቀለጥነው የሚቀረን ወርቅ የለም። ትዕይንቱ ያለው በሚያየው በአንዱ ሰውና በማያዩት በብዙዎቹ መካከል ነው፤ እኛ ታዳሚዎች ከማን ጋር እንደምንቆም ደራሲው ወስኖልናል። እ.ኤ.አ. በ1623 በታተመው በመጀመሪያው የሼክስፒር ሥራዎች ጥራዝ ላይ የመድረኩ መግለጫ መንፈሱ ገብቶ በማክቤዝ ቦታ ይቀመጣል ይላል። ከዚያ በፊት ማክቤዝ በአየር ላይ የሚያያት ጩቤ ግን እንዲህ ያለ መግለጫ የላትም፤ እርሱም ራሱ ከተቃጠለ አእምሮዬ የወጣች ትሆን ብሎ ይጠራጠራታል። ደራሲው በሐሳብ የምትታይን ነገርና ገብታ የምትቀመጥን ነገር ለይቶ ያውቅ ነበር ማለት ነው። እ.ኤ.አ. በ1611 ተውኔቱን በለንደን ያየ ሳይመን ፎርማን የተባለ ሰው በማስታወሻው የባንኮ መንፈስ መጥቶ ከንጉሡ ኋላ ወንበሩ ላይ እንደ ተቀመጠ ጽፏል። ኬምብል የተባለው ታላቅ ተዋናይ እ.ኤ.አ. በ1794 መንፈሱን አስቀርቶ በባዶ ወንበር ሲጫወተው ጉዳዩ ክርክር አስነሥቷል፤ ስለዚህ የአወያዩ አስተያየት ቀዳሚ የሌለው አይደለም። ኬምብል ግን ቢያንስ ወንበሯን በቦታዋ ትቷታል።

ለማክቤዝ ንግሥናውን የሚተነብዩለትን ሦስቱን ጠንቋዮችም አወያዩ «የምኞት ምሳሌዎች» ብሎ አልፏቸዋል። ሼክስፒር ይህን ተውኔት ሲጽፍ በዙፋን ላይ የነበረው ቀዳማዊ ጄምስ እ.ኤ.አ. በ1597 ስለ አጋንንትና ስለ ጠንቋዮች መጽሐፍ ያሳተመ ንጉሥ ነው፤ ለእርሱና ለብዙ ተመልካቾቹ ሦስቱ ሴቶች ተረት አልነበሩም። በእኛም መካከል ስለ ቡዳና ስለ ዛር ሳይሰማ ያደገ ሰው የነበረ አይመስለኝም። ያመነም ያላመነም በአንድነት ሊያዳምጥ ይችላል፤ ታዳሚውን ከመንፈስ ለመጠበቅ መሞከር ግን ታዳሚውን ማሳነስ ነው። በዕለቱ ዝናቡ በቆርቆሮው ላይ ሲወርድ ድምፅ እስከ መዋጥ ደርሶ ነበር፤ እንዲህ ያለው ነገር ይታለፋል፤ ሰማዩን ማንም አይቆጣጠረውም። የወንበሯ ነገር ግን በገዛ ፈቃድ የተፈጸመ ጥፋት ነው።

አራተኛው ቅዳሜ ሚዛኑን በከፊል መለሰ። ከመንግሥቱ ለማ «ያላቻ ጋብቻ» የተነበቡት ትዕይንቶች ሣቅ በሣቅ አደረጉን፤ የተማረ የባላባት ልጅ የቤት ሠራተኛውን ሊያገባ ሲነሣ የሚፈጠረው የቤተ ዘመድ ትርምስ ዛሬም ምንም ማስታወሻ ሳያስፈልገው ይሰማል። በዚህ ክፍል ላይ የምለው ብዙ የለኝም፤ ጥሩ ነበር።

ቀጥሎ አወያዩ ስለ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም «ፋቡላ፦ የአውሬዎች ኮመዲያ» የሃያ ደቂቃ ገለጻ አደረገ፤ በዚህ ጊዜ ሰምና ወርቁ ትክክለኛ ቦታውን አገኘ። በሩሲያና በፈረንሳይ ተምሮ የተመለሰው ተክለ ሐዋርያት በ1910ዎቹ ከፈረንሳዊው ባለቅኔ ከላፎንቴን ተረቶች ተነሥቶ የጻፈው ይህ ሥራ የመጀመሪያው ዘመናዊ የኢትዮጵያ ተውኔት ነው፤ በሆቴል አዳራሽ በመኳንንት ፊት ታይቶ፣ ነገሩ የገባቸው ሰዎች ስለ ነበሩ፣ በንግሥት ዘውዲቱ ዘመን ታገደ። የእኛ መድረክ የተወለደው በሚናገሩ አውሬዎች መሆኑን፣ አውሬዎቹም የመንግሥት ሹማምንትን ለማስደንገጥ የበቁ መሆናቸውን ሳስብ ሁልጊዜ ልቤ ይሞላል። ያው ሰው በኋላ የ1923 ዓ.ም.ን ሕገ መንግሥት አርቅቋል። አንበሳና ቀበሮ ያናገረው ብዕርና አንቀጽ የጻፈው ብዕር አንድ ነው። በዚያ ዘመን ባለሥልጣንን በስሙ ጠርቶ መተቸት ለማይችል ጸሐፊ አውሬው መሸሸጊያ ነበር፤ እዚህ ሰሙ ሊቀልጥ የተዘጋጀ ሰም ነው፤ አድማጩም አቅልጦ ወርቁን እንዲወስድ ታስቦ የተጻፈ ነው። የዚያኑ ቀን ባንኮን አስታውሼ በሁለቱ መካከል ያለውን ልዩነት ለመናገር እጄን አወጣሁ፤ ጊዜ ግን አልነበረም። ውይይቱ በየሳምንቱ ከሃያ ደቂቃ በላይ አልተሰጠውም፤ የአወያዩ ማብራሪያ ቢያጥር ይህ ችግር በቀላሉ ይቃለላል።

የመጨረሻው ንባብ ከጸጋዬ ገብረ መድኅን «ጴጥሮስ ያችን ሰዓት» የተወሰደ መነባንብ ነበር። ጳጳሱን ያነበበችው ኖራን ያነበበችው ያቺው ወጣት ናት። ሴት ልጅ እንዴት አቡን ታነብባለች የሚል ማጉረምረም ከኋላ ተሰምቶ ነበር፤ ሁለት ስንኝ ሳታልፍ ጸጥ አለ። በዚህ ሥራ ውስጥ ሰዓቱ እውነት ነው፣ ከተማው እውነት ነው፣ ጣሊያን እውነት ነው፤ አቡነ ጴጥሮስ በሐምሌ 22 ቀን 1928 ዓ.ም. እዚሁ አዲስ አበባ ውስጥ ተረሽነዋል። የሚናገሩት ግን ለማትታይ እናት፣ ለእመ ብርሃን ነው፤ በተነበበልን ክፍል የሚመልስላቸው ድምፅ የለም። አወያዩ በዚህ ጊዜ ምንም አላብራራም። እመ ብርሃን የተስፋ ምሳሌ ናት አላለንም፤ ቢል ኖሮ የሚሰማው አልነበረም። የማይታየውን የሚያናግር ሰው እያየን፣ ከማክቤዝ ወንበር የተነሣው ነገር ምን እንደ ነበር ለሁላችንም የገባን ይመስለኛል። ከንባቡ ስወጣ ታክሲ ከመያዝ ይልቅ በቸርችል ጎዳና ሽቅብ በእግሬ ሄጄ፣ ከማዘጋጃ ቤቱ አጠገብ ባለው ሐውልታቸው ሥር ጥቂት ቆሜያለሁ።

ለመሄድ ለሚያስቡ ሰዎች የሚጠቅሙ ጥቂት ነገሮችን ልጨምር። ቡናው በደንብ የተፈላ ነው፤ በረፍት ሰዓት ይቀርባል። ፎቶ ኮፒው ግን ደካማ ነው፤ የ«ማክቤዝ» ቅጂ ላይ ሁለት ገጽ ጎድሎኛል፤ ፊደሉም ለዕድሜ ገፋ ላሉ ሰዎች አይታይም፤ ስለዚህ ጋሼ ከጎናቸው በተቀመጠች ልጅ እገዛ ነው የተከታተሉት። ወንበሮቹ ለሦስት ሰዓት ቁጭ ለማለት አይመቹምና ትራስ ይዞ መሄድ ይበጃል። መጸዳጃ ቤት የለም፤ በአቅራቢያው ባለ ካፌ መጠቀም ግድ ነው። የመጽሐፍ ቤቷ የተውኔት መደርደሪያ ግን ለብቻው ጉብኝት ይገባዋል፤ ሻጩ መጻሕፍቱን ያውቃቸዋል፤ ያልተገኘውን ስልክ ተቀብሎ ያፈላልጋል፤ ለንባቡ ታዳሚም ዋጋ ይቀንሳል። የከፈልኩት 650 ብር አላስቆጨኝም።

በሁለተኛው ዙር «ማክቤዝ» በታዳሚ ጥያቄ እንደሚደገም ሰምቼ ባለፈው ሳምንት ሄጄ ተመዘገብኩ፤ አወያዩንም አገኘሁት። ባንኮን የሚያነበው ልጅ ገጸ ባሕርይው ከሞተ በኋላ ከቤቱ ሳይወጣ ከኋላ እንዲቆይ፣ የግብሩ ትዕይንት ሲደርስም ያለ ምንም ማብራሪያ፣ ወረቀት ሳይዝ፣ ተመልሶ በዚያችው ወንበር ላይ እንዲቀመጥ ሐሳብ አቀረብኩለት። አልባሳትም መብራትም አያስፈልገውም፤ ወጪም የለውም። ጥቂት አሰበና «ሌሎቹ አንባቢዎች እንዳላዩት ሆነው ማንበብ ይችሉ ይሆን?» ብሎ ጠየቀኝ። ይህን ጥያቄ ከጠየቀ ትዕይንቱ ገብቶታል ማለት ነው። ንባቡ ከዛሬ ሁለት ሳምንት በኋላ ቅዳሜ በ9 ሰዓት ነው፤ እኔ ከፊት ረድፍ፣ ወንበሯ በደንብ ከምትታይበት ቦታ አስይዣለሁ።